ለእርቅ የሚሄድ ይለፍ

«አትግቢ ብያለሁ» አለች አማል፣ የዋፋን የቦርሳ ማንገቻ ይዛ። «ወላሂ ሼም ነው። የክፍላችን ልጅ ዐድናን ገብቶ ሌላኛውን ራሱን ሲያለቅስ ስላየ ስንት ቀን ምግብ አስጠላው!»

«አይቼ ብቻ እመለሳለሁ» አለች ዋፋ። ማንገቻውን ቀስ ብላ አስለቀቀች።

ሰዉ ድርቡ የሚለው ነገር ሐረር ከመጣ ዓመት አልሞላውም። በየቀኑ አመሻሽ ላይ፣ ከዐስር ሶላት በኋላ፣ በጀጎል ጠባብ መንገዶች ውስጥ፣ ሌላ ጊዜ በዚህኛው ጊዜ ላይ ይደረባል። መምህር ዮሐንስ፣ ሬዲዮ ላይ ሁለት ጣቢያ ሲጠላለፍ እንደሚሆነው ነው ብለው ለተማሪዎቹ አስረድተዋቸዋል። «እዚያ የምታዩት ሰው ራሳችሁ ናችሁ፤ አንድ ቀን ላይ ብቻ ሌላ ነገር መርጣችኋል» ብለዋል። መጀመሪያ ሰሞን ሰዉ ደንግጦ ቁርኣን የሚያስቀራው ሲያስቀራ፣ ጠበል የሚረጨው ሲረጭ ከረመ። አሁን ተለምዷል። የሸዋ በር የታክሲ ረዳቶች እንኳ «ሳይደረብባችሁ ግቡ» እያሉ ይቀልዱበታል። ያስቸገሩት ተማሪዎች ናቸው። ፈተና በመጣ ቁጥር ሌላኞቹ እነሱ ምን እንደገጠማቸው ለማየት ይሽሎከሎካሉ።

ዋፋን ያመጣት ግን ፈተና አይደለም። ሰኞ ዕለት የትምህርት ቤቱን ብቸኛ ማይክሮስኮፕ በክርኗ ገፍታ የሰበረችው እሷ ናት። መምህሩ ሲገቡ ስብርባሪውን ስታነሳ የተገኘችው ደግሞ ጓደኛዋ ገሊላ ናት። «ማነው?» ሲሉ የዋፋ ምላስ ተሳሰረ፤ ገሊላም ዝም አለች። ነገ ጠዋት የገሊላ እናት ተጠርተዋል። ገሊላ እስከ ስምንተኛ ክፍል ፈተና ድረስ ልትታገድ ነው። ዋፋ ብትናገር ግን የምትታገደው ራሷ ዋፋ ናት።

ዛሬ በእረፍት ሰዓት «ለምን አልተናገርሽም?» ብላ ገሊላን ጠይቃት ነበር።

«አንቺ ትናገሪያለሽ ብዬ» አለች ገሊላ። ቁጣ የለ፣ ለቅሶ የለ። ብትሰድባት ይሻል ነበር።

እና ዋፋ አንድ ነገር አሰበች። ሌላኛዋ ዋፋ ተናግራ ከሆነ የደረሰባት ነገር ፊቷ ላይ ይነበባል። ደህና ከሆነች እሷም ትናገራለች። ካልሆነችስ? እሱን ልታስበው አልደፈረችም።

አማልን ትታ ገባች። መንገዱ አያቷ በስፌት መኪናቸው ልብስ ከሚሰፉበት ቦታ ወረድ ብሎ ያለ፣ በሁለት ግንብ መሃል የተጨመቀ መተላለፊያ ነው። ሁለት ሰው ጎን ለጎን አያሳልፍም። የተጣላ ሰው እዚህ ከተገናኘ ሳይነጋገር ስለማይተላለፍ ሰዉ የእርቅ መንገድ ይለዋል። ደንቡን ያስተማሯት አያቷ ናቸው። «መሃል ላይ ስትገናኙ፣ ወዴት ነሽ ተባባሉ» ይሏታል። «ገበያ የሚሄድ፣ በሽተኛ ሊጠይቅ ለሚሄድ ወደ ኋላ ይመለስለታል። ለእርቅ ለሚሄድ ግን ሁሉም ይመለሳል።»

አረንጓዴው ግንብ ቀስ በቀስ ሰማያዊ ሆነ። የገዛ ጫማዋ ድምፅ ሁለት ሁለት ጊዜ ይሰማት ጀመር። ልመለስ ስትል ከወዲያኛው ጫፍ አንዲት ልጅ መጣች። ያው ሒጃብ ነው፣ ማንገቻው የተተረተረ ያው ቦርሳ ነው። ዓይኗ ግን በለቅሶ አብጧል።

ተናግራ ነው እንዲህ የሆነችው፣ አለች ዋፋ በልቧ።

«ምን አደረጉሽ?» አለቻት።

«እነማን?»

«ትምህርት ቤት። ተናግረሽ የለ?»

ሌላኛዋ ዋፋ አፍጥጣ አየቻት። «እኔ እኮ አንቺ የተናገርሽ መስሎኝ ነው የመጣሁት። አንቺን አይቼ ልወስን።»



«አንቺ ሰኞ ምን አልሽ?» አለች ዋፋ።

«‹እኔ አላየሁም› አልኩ። አንቺስ?»

«ዝም አልኩ።»

ልዩነታቸው ይህችው ናት። ዋፋ አፈረች፤ በራሷም፣ በዚያችኛዋም። ቀድማ ተናግራ መጨረሻውን የምታሳያት ዋፋ የትም የለችም።

አሁን አንዳቸው መመለስ አለባቸው። የዋፋ ቤት ከኋላዋ ነው። የገሊላ ቤት በፊት ለፊት፣ ከሸዋ በር ውጭ ነው። ሌላኛዋም የእነዚያው አያት የልጅ ልጅ ናትና እንደ ደንቡ ጠየቀች።

«ወዴት ነሽ?»

ዋፋ «ቤቴ» ልትል አፏን ከፈተች፤ የወጣት ግን ሌላ ነው። «ገሊላ ጋ» አለች።

«ለምን?»

«ለእርቅ።»

ሌላኛዋ ከንፈሯን ነከሰች። ከዚያ ግንቡን በእጇ እየዳሰሰች ወደ ኋላ መራመድ ጀመረች፤ ዋፋም ተከተለቻት።

«እናቷ ቤት ካሉስ?» አለች ሌላኛዋ።

«እሳቸውም ይስሙ።»

ጫፉ ላይ ሲደርሱ ሌላኛዋ ጥግ ይዛ አሳለፈቻት። ዋፋ ዞር ስትል ግንቡ አረንጓዴ ነው፣ መንገዱም ባዶ ነው። ያቺኛዋስ ዋፋ ወደ ራሷ ገሊላ ትሄድ ይሆን? ማወቂያ የለም።

ከሸዋ በር ውጭ ያለውን የእነገሊላን የቆርቆሮ በር አንኳኳች። የከፈቱት የገሊላ እናት ወይዘሮ ሙሉነሽ ናቸው።

«ዋፋ? ገሊላ ሱቅ ልኬያት ነው፣ አሁን ትመጣለች።»

«እጠብቃታለሁ፣ እትዬ» አለች ዋፋ። ደፉን ተሻግራ ገባች። «ግን ለእርስዎም የምነግርዎት አለኝ። ነገ ትምህርት ቤት ከመሄድዎ በፊት።»