ከዘፈኑ ጀርባ

ዳርጌ ካሴት የሚሞላባት ሱቅ ጂንካ ገበያ ዳር ነበረች። ማገናኛ ገመድ ስላልነበረው ቴፑን ከሬዲዮኑ ፊት ያስቀምጥና «ዝም በሉ፣ እየቀዳሁ ነው!» ይላል። ደንበኛው ሁሉ ትንፋሹን ውጦ ይቆማል።

የሺመቤትም የወደደችው እንዲሁ ዝም ብላ ቆማ ስታየው ነው። በየሳምንቱ የፍቅር ዘፈን ይቀዳላት ነበር።

በ1990 ዓ.ም. ክረምት መግቢያ ላይ የጦርነቱ ወሬ መጣ። ሬዲዮኑ ከዜና በፊት ፉከራ፣ ከዜና በኋላ ቀረርቶ ሆነ። ቅዳሜ የተመለሰላት ካሴት አንድም የፍቅር ዘፈን አልነበረበትም።

«ምን ላድርግ የሺዬ፣ ሬዲዮኑ የሚለው ይኸው ነው» አላት። ዓይኗን ግን አላየም።

ቤቷ ገብታ ካሴቱን ደጋግማ ሰማች። ሦስተኛው ዘፈን ላይ ከበሮው ጋብ ሲል፣ የጓደኛው የአንጁሎ ድምፅ ከጀርባ ተሰማት፤ «መኪናው ሰኞ ነው። ተመዝግበሃል አይደል?» ቀጥሎ ዳርጌ፣ በሹክሹክታ፤ «ተመዝግቤያለሁ። ለየሺ እንዳትነግራት።»

ተመልሳ ሄደች።

«ሰኞ የት ነህ?»

«ማን ነገረሽ? ያ አንጁሎ?»

«አንተው ነህ የነገርከኝ» ብላ ካሴቱን ከፈተችለት።

ሲሰማው አንገቱን ደፋ።

«ዘፈን ነው ያሳበደህ?»

«በቀን ሃያ ካሴት እየሞላሁ የሰፈሩን ልጅ ሁሉ አሙቄ ወደ ግንባር ሸኘሁ። እኔ እዚህ ልቀመጥ?»

«ለእኔ መንገሩስ?»

«ብነግርሽ አልሄድም ነበር።» እጁን ዘረጋ። «ስጪኝ። ላጥፋውና የምትወጂውን ልቅዳበት።»

«አታጠፋውም! ስትመለስ ውሸትህን አሰማሃለሁ።» ከካሴቱ ጀርባ ያሉትን ሁለት ትንንሽ ፕላስቲኮች በጥፍሯ ሰበረች። እነሱ ከተሰበሩ ሌላ ነገር አይቀዳበትም።

ሰኞ መኪናው ሥር ቆማ፣ «ሌላ የደበቅከኝ አለ?» አለችው።

«የለም።»

«አላመንኩህም» አለችው፤ እጁን ግን አልለቀቀችም።

በ1993 ስምምነቱ ተፈረመ፤ ሬዲዮኑም ወደ ፍቅር ዘፈኑ ተመለሰ። አብሮት የዘመተው አንጁሎ መጣ፤ ብቻውን።

ዛሬ ሰው ዘፈኑን በስልኩ ይዞ ይዞራል። የሺመቤት ግን ለአንድ ካሴት ብላ አሮጌ ቴፕ ታስጠግናለች። ዕድሜውን ሰው ዝም ሲያሰኝ የኖረው ዳርጌ የራሱን ድምፅ የተወው እዚያ ብቻ ነው። ፉከራው እስኪያልፍ ትታገሣለች። ከበሮው ጋብ ሲል ጆሮዋን ታስጠጋለች።

«ለየሺ እንዳትነግራት።»

ወደ ኋላ ታጠነጥነዋለች።