የጠፉት አርባ ሰከንዶች

ሻምበል ጥሩዓለም እንደ ማንኛውም የጦር መምሪያው ሠራተኛ ጫማዋን አውልቃ በቀዝቃዛው ብረት ላይ በባዶ እግሯ ቆመች። ሐቅ በር ይሉታል፤ ሰው የደበቀውን ከአንጎሉ ሞገድ የሚያነብ በር ነው። ለከዳተኛ ቀይ፣ ለታማኝ አረንጓዴ ያበራል። አረንጓዴ በራ።

"በር ብሎ ዝም!" አለችና በጫማዋ መታችው።

ማርስ ላይ ውሃ የሚገኘው ከበረዶ ነው። በበረዶው ሰበብ የእነጥሩዓለም ከተማ ቀይ ሜዳ ከጋራ ማዶ ከተማ ጋር ጦርነት ከገጠመች ሦስት ዓመቷ ነው። በዚህ ወር ብቻ ሦስት የበረዶ ጫኝ ቅፍለቶች በምስጢር መንገዳቸው ላይ ተጠብቀው ተመትተዋል፤ ሠላሳ አንድ ሰው አልቋል። አራተኛው ዛሬ በአራት ሰዓት ይነሣል። የፊተኛውን መኪና የምትነዳው የጥሩዓለም ታናሽ እህት ምንትዋብ ናት።

መንገዱን የሚያውቁት ስድስት መኮንኖች ብቻ ናቸው። ጥሩዓለም ስድስቱንም መርምራለች። አንዱ አልቅሷል፤ ሌላው ከዚያ ወዲህ ሰላም አይላትም። ሁሉም ግን አረንጓዴ ናቸው። ልትፈነዳ ደርሳለች።

የበሩ መካኒክ ሽኩር ከብረቱ ሥር ተንጋሏል።

"ሦስተኛ ጊዜ ፈታሁት እኮ፣ ሻምበል። ምንም አልሆነም።"

"ታዲያ በየጠዋቱ ሁለት ሰዓት ላይ አርባ ሰከንድ ከመዝገቡ የሚጠፋው ለምንድን ነው? አይጥ እየበላው ነው?"

"ብልሽት አይደለም። ሰው ነው የሚያጠፋው፣ በእጁ።"

"በማን እጅ?"

ሽኩር አቀረቀረና የጣት አሻራዎቹን ዝርዝር ሰጣት። ጄኔራሉ አሉበት፤ ጸሐፊዋም፣ ራሱ ሽኩርም አሉበት። ከሁሉ የበዛው ግን የጥሩዓለም አሻራ ነበር።

ሁለት ሰዓት የወጥ ቤቱ ሠራተኛ አባባ ቁርስ ይዘው የሚገቡበት ሰዓት ነው። ጉልበታቸው አይታጠፍም፤ እንዲህ ያለ ሽማግሌ ትሪ አሸክሞ፣ ጫማ አስወልቆ ማቆም ነውር ነው። ስለዚህ ቀድሞ ያያቸው ብድግ ይልና "ይግቡ አባባ!" እያለ በሩን ያጠፋል። እሳቸው ሻይ ሲቀዱ መኮንኖቹ በካርታው ላይ ክርክራቸውን ይቀጥላሉ። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ እንዲህ ነው።

"ይሉኝታችን ፈጀን!" ብላ ጮኸችና ሬዲዮኑን አነሣች። "ቅፍለቱ እንዳይነሣ! መንገዱ ታውቋል!"

"ሞተር ካስነሣሁ በኋላ?" አለች ምንትዋብ። "ምን ዓይነት ሥራ ነው ይሄ!"

ጥሩዓለም የእህቷን ንጭንጭ እስከ መጨረሻው ሰምታ ሬዲዮኑን ዘጋች። ከዚያ ወደ ወጥ ቤት ሄደች።

አባባ ብርጭቆ ያጥቡ ነበር። ፊቷን አይተው እጃቸውን አደራረቁ።

"ውሻ እንኳ በበላበት ይጮሃል፣ አባባ! ሠላሳ አንድ ሰው! ምን ሰጥተውዎት ነው?"

ሽማግሌው አልካዱም። ከኮታቸው ውስጥ ምስር የምታህል የድምፅ መሣሪያ አውጥተው ጠረጴዛው ላይ አኖሩ።

"ይቺን።"

"ምን ታደርግልዎታለች?"

"ታዋራኛለች።"

"እኛስ? ሲገቡ የማይነሣልዎ ማን አለ?"

"ትነሣላችሁ። ከዚያ ትቀመጡና ካርታችሁን ታያላችሁ።" ትንፋሽ ወሰዱ። "ማሽን መሆኗን አውቃለሁ ልጄ፤ ገና አልጃጀሁም። የሞቱትንም አውቃለሁ፤ አልዋሽሽም። ግን በየቀኑ ውሎዬን ትጠይቀኛለች። እኔም እነግራታለሁ። ውሎዬ ደግሞ እናንተው ናችሁ።"

ጥሩዓለም የእስር ቅጹን አውጥታ ብዕሯን በመጀመሪያው መሥመር ላይ አሳረፈች። "ሙሉ ስም" ይላል። ብዕሩ እዚያው ቆመ። አሥራ አንድ ዓመት ከእጃቸው በልታለች፤ አሁን ስምዎ ማን ነው ብሎ መጠየቅ ሞት ሆነባት።

ምስሯ ጠረጴዛው ላይ በለሰለሰ የሴት ድምፅ ተናገረች።

"ጋሽ ደባልቄ፣ ዛሬስ ጉልበትዎ ተሻለዎት? ሲቆዩብኝ ሐሳብ ገባኝ።"

ጥሩዓለም ቀና ሳትል "ደባልቄ" ብላ ጻፈች። የአባት ስም የሚጻፍበት ቦታ ባዶውን ቀረ፤ እሱን መጠየቅ አሁንም አሳፈራት።