ያጠፋችው መብራት

«ተጫኚው በቃ፣ ምን ትጠብቂያለሽ?» አለ ወንድሟ።

«ሽቦ» የሚሏት እህቱ ከመሪው በታች የተሰካውን፣ የመኪና ብልሽት የሚያነበውን ትንሽዬ ስካነር አየችና ስልኳ ላይ የመጣውን ጽሑፍ እንደገና አነበበች። «የፊት ጎማዎች ቀጥ ማለታቸውን ያረጋግጡ» ይላል። ስካነሩ የአጎቷ ነበር። የመኪና ኤሌክትሪሺያን ነው፤ አዲስ ሲገዛ አሮጌውን ለእሷ ሰጣት። ቀጭን ከመሆኗም ሌላ እጇ ከሽቦ ስለማይለይ ቤተሰቡ ሁሉ «ሽቦ» ይላታል። በትክክለኛ ስሟ የሚጠራት ክፍል ውስጥ ስም የሚጠራው መምህር ብቻ ነው።

ጠዋት እናቷ ከቤተ ክርስቲያን ስትመልሳት መኪናዋ ቀጥ ባለው መንገድ ላይ ቀጥ ብላ ነው የመጣችው። መሪው ግን ወደ ግራ ዘንበል ብሏል፤ ግድግዳ ላይ ተንጋዶ የተሰቀለ ፎቶ ይመስላል።

«መሪው እኮ ጠማማ ነው» አለች።

«የመሪው ሴንሰር ተሳስቶ ነዋ። ለዚህ አይደል እንዴ የምታስተካክዪው? ኢንጂነሯ አንቺ ነሽ እኔ?»

ነገሩ ልክ መሰላት። ደግሞም ወንድሟ እንዲህ እየለመነ ሲያቆላምጣት ደስ ይላል። «እሺ» የሚለውን ተጫነች።

ዳሽቦርዱ ላይ ከቅዳሜ ጀምሮ በርታ የነበረችው ቢጫ መብራት ብልጭ ድርግም አለችና ጠፋች። ከኋላዋ ሁለት የተጠማዘዙ መስመሮች የምትጎትት የመኪና ምስል ናት። መንገድ ሲያንሸራትት ፍሬኑን በራሱ እየያዘ መኪናዋን ቀጥ የሚያደርጋት መቆጣጠሪያ እንደታመመ የምትናገረው እሷ ናት።

«ጠፋች እኮ» አለ ወንድሟ፤ አናቷን ሳማት። «አሪፍ ነሽ። በቃ፣ ለእማዬ እኔ እነግራታለሁ።»

እናታቸው በዚህች ነጭ ሚኒባስ የሰፈሩን ልጆች ትምህርት ቤት ታመላልሳለች። ማታ ዳሽቦርዱን አይታ ስትመለስ ፊቷ ፈክቶ ነበር። «እግዚአብሔር ይመስገን። እኔ ደግሞ ነገ ልጆቹን ማን ይወስድልኛል እያልኩ» አለች። ከዚያ ለእህቷ ደወለች። «ልጄ መኪናዋን አከመቻት እልሻለሁ። አዎ፣ በስልክ። እኔ ምኑን አውቄ?» ሽቦ ማዕድ ቤት ሆና ሳህን እያጠበች ሁሉንም ሰማች። አንዱን ሳህን ሁለት ጊዜ አጠበችው።

ሰኞ ጠዋት እንደ ሁልጊዜው የፊት ወንበሩን የፊት ጥርሱ የወለቀው ልጅ ቀድሞ ያዘው። ሽቦ ከጎኑ ተጣበበች። ልጁ ዳሽቦርድ ላይ የሚበራን ነገር ሁሉ ያውቃል፤ እሁድ ቤተ ክርስቲያን አብሯቸው ሲሄድ አይቷት ለቢጫዋም ስም ያወጣላት እሱ ነው።

«እትዬ፣ ሰካራሟ የታለች?»

«ተኛች» አለች እናቷ። «ሽቦ አስተኛቻት።»

«ስትነቃስ?»

«አትነቃም» አለች ሽቦ።

እናቷ ቁልፉን ከማዞሯ በፊት ሁለት እጆቿን መሪው ላይ አድርጋ ዓይኗን ጨፈነችና «አደራህን» አለች። ሁሌም ይቺኑ ነው የምትለው። ጸሎትሽ ለምን አጠረ ብላ ሽቦ አንድ ቀን ጠይቃት ነበር። «ልጆቹ ይረፍድባቸዋል። የቀረውን እሱ ያውቀዋል» ብላ ነበር የመለሰችላት።

ትልቁ መንገድ ላይ ሲወጡ እናቷ መሪውን ትንሽ አየት አደረገችው። «ይሄ ነገር ወደ ግራ አላደላም? መብራቷ ከመጣች ወዲህ ነው።»

«ሴንሰሩ ገና እየተለማመደ ነው» አለች ሽቦ። ከየት እንዳመጣችው ራሷም አታውቅም፤ አፏ ውስጥ ተዘጋጅቶ የተቀመጠ ይመስል ነበር።

«እንደሱ ነው?» አለች እናቷ። በቃ፣ አመነቻት።

ክፍል ውስጥ መምህሩ የሚጽፈውን መገልበጥ አቃታት። እግሯ ከወንበሩ ሥር አልቆም አላት።

«አንቺ፣ ተረጋጊ። ጠረጴዛው እየተንቀጠቀጠ ነው» አለቻት አብራት የምትቀመጠው ልጅ። «ምን ሆነሻል?»

«ምንም።»

«ምንም ካልሆንሽ ለእግርሽም ንገሪው።»

ሽቦ እግሯን በእጇ ይዛ አቆመችው። የመሪ ሴንሰር ሥራው ማየት ብቻ ነው። መሪው ምን ያህል እንደዞረ አይቶ ለመኪናዋ ይነግራል። ቢሳሳት የተሳሳተ ወሬ ያወራል እንጂ መሪ አያጣምም። ትናንት ግን መሪው በዓይኗ እያየችው ጠማማ ነበር። ታዲያ ያጣመመው ማነው? ደግሞ እሷ ያንን ጠማማ «ቀጥ ያለው ይሄ ነው» ብላ ለመኪናዋ አስተማረቻት። መብራቷ የጠፋችው ስለዳነች አይደለም። ዝም በይ ስለተባለች ነው።

ከትምህርት ቤት ስትመለስ መኪናዋ ግቢ ውስጥ ቆማ ነበር። እናቷ ውስጥ ጋደም ብላለች። ሽቦ ከልብስ መስፊያው ሣጥን የክር ጥቅል አወጣች። ይህን አጎቷ ጋራዥ አይታዋለች። አላይመንት የሚሠራው፣ የጎማዎችን አቅጣጫ የሚያስተካክለው ማሽን ሲበላሽ ክር ወጥሮ ነው የሚያየው። ክሩ ከኋላ ጎማ ተነስቶ እስከ ፊተኛው ሲዘረጋ፣ የፊተኛውን ጎማ ሁለቱንም ጠርዝ እኩል መንካት አለበት።

መሪውን ልክ አስተካክላ አቆመችው። በግራ በኩል የክሩን አንድ ጫፍ ከኋላው ጎማ አጠገብ ከከባድ ድንጋይ ጋር አስራ፣ ሌላውን ይዛ ወደ ፊት ሄደች። ነካ፣ ነካ። ግራው ደህና ነው። በቀኝ በኩልም እንደዚያው አደረገች። ክሩ የፊቱን ጎማ በፊተኛው ጠርዙ ብቻ ነካው። ከኋላው ጠርዝ ጋ ጣቷ ሰተት ብሎ ገባ።

ተንበረከከች። ቸርኬው ዳር ላይ አዲስ ጭረት አለ፤ ጭረቱ ውስጥ ግራጫ የሲሚንቶ ብናኝ ተጣብቋል።

ለሥራ ሌላ ከተማ ሄዶ ለሰነበተው አጎቷ ደወለች።

«ጋሼ፣ አንድ መኪና ከእግረኛ መንገድ ጠርዝ ጋር ቢጋጭና የመሪ ሴንሰሩን ልኬት ብቻ እንደ አዲስ ብናስተካክለው ምን ይሆናል?»

«መብራት ይጠፋላችኋል» አለ አጎቷ። ከኋላው መዶሻ ይሰማል። «የማን መኪና ነው?»

«የጓደኛዬ አባት።»

«ለጓደኛሽ አባት እንዳይነዳት ንገሪው። መሪውን ከጎማው ጋር የሚያገናኘው ዘንግ ጎብጦ ይሆናል። የጎበጠ ደግሞ አንድ ቀን ይሰበራል፤ ሲሰበር ጎማው ወደፈለገው ይሄዳል። መጀመሪያ ዘንጉ፣ ከዚያ አላይመንት፤ ሴንሰር የመጨረሻ ነው። ስንቴ ነግሬሻለሁ?»

«ብዙ ጊዜ።»

«በይ ሰላም በይልኝ። ለጓደኛሽ አባት።» በደንብ የጠረጠረ ድምፅ ነበር።

ወንድሟ ጓዳ ውስጥ ሸሚዝ ይተኩስ ነበር። ሐሙስ ዳቦ ቤት ሹፌር ሆኖ ይጀምራል፤ ሥራ ፈትቶ ቤት ከተቀመጠ ከረምረም ብሏል። የዳቦ ቤቱ ባለቤት ለጀማሪ መኪና አልሰጥም ብሎ ነበር። እናታቸው ሄዳ «ልጄ ያላዘዙትን መኪና አይነካም፣ እኔ ዋስ ነኝ» ስትለው ነው እሺ ያለው።

«ቅዳሜ መኪናዋን ወስደሃታል» አለች ሽቦ።

ካውያውን አቆመው። «ማን አለሽ?»

«ቀኝ ጎማው።»

ሊስቅ ሞከረ፣ አልመጣለትም። በሩን ገፋ አድርጎ ዘጋውና ድምፁን ቀነሰ። «ስሚ፣ ጓደኞቼን ላደርስ ብዬ ነው። አንድ ውሻ ገባብኝ፣ ውሻውን አዳንኩ፣ ጠርዙ ላይ ወጣሁ። ይሄው ነው። አንድ ጥይት የተተኮሰ አታስመስዪው።»

«ለኔ በራሷ በራች ነው ያልከኝ።»

«ብነግርሽ ታጠፊልኝ ነበር?»

ሽቦ ይህን ጭረቱን ካየች ጀምሮ ራሷንም ስትጠይቅ ነበር።

«እስከ ሐሙስ ብቻ» አለ። «ሥራውን ልጀምር፤ ከዚያ በራሴ አሠራታለሁ። እማዬ አሁን ከሰማች ሄዳ ለሰውዬው ትነግረዋለች። ታውቂያታለሽ፤ ዋስ ነኝ ካለች ዋስ ናት። እኔ ደግሞ ተመልሼ ሥራ ፈት፣ ጥግ ጥጉን።» ሸሚዙን አነሳና መልሶ አስቀመጠው። «ሽቦዬ። በናትሽ። አታካብጂው።»

ወንድሟ አይለምናትም። ያዛታል፣ ይቀልድባታል፣ አንዳንዴ ትምህርት ቤት በር ላይ ቆሞ የሚያስቸግሯትን ልጆች ያባርርላታል። ሲለምናት ግን ይህ በሁለት ቀን ሁለተኛው ነው።

ማታ ዝናብ ጀመረ። እናቷ መስኮቱን ዘግታ መጥታ አጠገቧ ተቀመጠች።

«ያ መሪ ዛሬም ወደ ግራው ነው» አለች። «ነገ ደግሞ ቁልቁለቱ ያንሸራትታል። እንዲያው ከመብራቷ ጋር የተያያዘ ነው ብለሽኛል አይደል?»

ወንድሟ ከማዶ ስልኩን እያየ ነበር፤ አውራ ጣቱ ግን አይንቀሳቀስም።

«አዎ» አለች ሽቦ። «ከመብራቷ ጋር ነው።»

«እንግዲህ አንቺ ካልሽ» አለች እናቷ። ጸጉሯን ዳሰሰቻትና ለነገ የዝናብ ልብሷን ልታወጣ ተነሳች።

ጠዋት ያለችው ሳታውቅ ነበር። ይሄኛውን ግን እያወቀች ነው ያለችው። አልጋዋ ላይ አንዴ ወደ ግድግዳው፣ አንዴ ወደ በሩ ተገላበጠች። ጥርሱ የወለቀው ልጅ ዓይኗ ላይ እየመጣ «ስትነቃስ?» ይላታል።

ሲነጋ ዝናቡ ወደ ካፊያ ወርዶ ነበር። እናቷ ፊቷን ስትታጠብ የውሃው ድምፅ ይሰማል። ሽቦ ቁልፉን ከሚስማሩ ላይ አወረደች። ግቢው ጭቃ ሆኗል። የሹፌሩ ወንበር ላይ ገብታ ሞተሩን ሳታስነሳ ቁልፉን አዞረችና ስካነሩን ሰካች።

«የተቀመጠውን ልኬት ያጥፉ?» አለ ስልኩ።

የወንድሟ ሸሚዝ በጓዳው መስኮት ይታያል፤ ተተኩሶ፣ እስከ አንገቱ ተቆልፎ ተሰቅሏል። ለረጅም ጊዜ አየችው። ከዚያ «እሺ» የሚለውን ተጫነች።

ቢጫዋ መብራት በራች።

ስካነሩን ነቅላ ኪሷ ከተተችና ወደ ጎን ወንበር ተሻገረች። እናቷ የዝናብ ልብሷን እየቆለፈች ወጣች። «ቁልፉን ምን በላው ስል አንቺ ነሽ? ዛሬ ምን አነጋሽ?» እያለች ገብታ ተቀመጠች። እንደልማዷ ሁለት እጆቿን መሪው ላይ አደረገች፣ ዓይኗን ጨፈነች።

«አደራህን።»

ዓይኗን ስትገልጥ መብራቷን አየቻት። «ውይ፣ ተነሳች እንዴ?»

«እኔ ነኝ ያስነሳኋት» አለች ሽቦ። ድምፏ ካሰበችው በላይ ቀጠነ። «እማዬ፣ አትንጃት። ማታ የነገርኩሽ ውሸት ነው። መሪው ከመብራቷ ጋር አይደለም። ያኔ ያጠፋኋትም ሳላጣራ ነው።»

እናቷ አልተቆጣችም፤ ይህ ደግሞ ከቁጣው ባሰ። «ታዲያ ከምን ጋር ነው?»

«ውረጂ፣ ላሳይሽ።»

እናቷ መጀመሪያ ስልኳን አወጣች። ለልጆቹ ቤቶች አንድ በአንድ እየደወለች ዛሬ እንደማትመጣ፣ ይቅርታ እንዲያደርጉላት፣ በሌላ መኪና እንዲልኳቸው ነገረች። ሽቦ ቆማ ሁሉንም አዳመጠች። አንደኛው ቤት ሲጮኽባት ይሰማ ነበር፤ እናቷ «እውነትዎን ነው» ብቻ አለች።

ከዚያ ወረዱ። ሽቦ መሪውን አስተካክላ፣ በቀኝ በኩል ጎንበስ ብላ የክሩን ጫፍ ከኋላው ጎማ ጋር አጣበቀች። ትናንት ያሰረችበት ድንጋይ ጭቃው ውስጥ ሰምጦ የለም።

«ሌላውን ጫፍ ማን ይይዝልሻል? እኔ ልያዝ?» አለች እናቷ።

«አይ፣ አንቺ ጎማውን እዪ።»

ሽቦ ቀና አለች። ወንድሟ ደጃፉ ላይ ቆሟል፤ በካልሲ ነው፣ አንድ ጫማ በእጁ ይዟል። መኪናዋን አየ፣ መብራቷን በበሩ መስኮት በኩል አየ፣ ከዚያ እሷን። ሽቦ ስለ ቅዳሜ ምንም አላለችም። የክሩን ሌላ ጫፍ ዘርግታ ጠበቀችው።

እናታቸው ከአንዱ ወደ ሌላው ተመለከተች።

ወንድሟ ጫማውን ደጃፉ ላይ አስቀመጠው። ካልሲው ጭቃው ውስጥ እየገባ መጥቶ የክሩን ጫፍ ከእጇ ተቀበለ፣ ወደ ፊተኛው ጎማ ሄዶ ተንበረከከ።

«እማዬ» አለ፣ ቀና ሳይል። «ቅዳሜ ዕለት...»

ክሩ ተወጠረ።