ሻጩ ያልቀመሰው ማር

ሰውየው ማሩን አልቀመሰም።

መቱ ገበያ፣ በጠራራ ፀሐይ፣ ባጃጁ ሁሉ ጥሩምባውን እየነፋ፣ ሰውየው የማር ባልዲውን ሻሽቱ እግር ሥር አስቀመጠ። የይለፍ ቃሉን አልሳተም።

«የኖፓ ማር ነው፤ ጫካው ገና አልደረቀም።»

«ዝናቡ ሲያባራ እወስደዋለሁ።»

ሁሉም ልክ ነው። ግን በዚህ አገር ማር የሚሸጥ ሰው አስቀድሞ ራሱ ይቀምሳል። ሳይቀምስ ያቀረበ እንደሆነ ገዥው ዞር ብሎም አያየው። ሻሽቱ «ኢሊሊ» ተብላ የማር ነጋዴ ሆና በከረመችባቸው ወራት ሳይቀምስ የሸጠላት ሰው የለም። ይሄኛው ግን ክዳኑን ከፍቶ ወደ እሷ ገፋው።

«ቅመሺ እንጂ!»

አመልካች ጣቷን ነከረች።

ያልነከረችውን የመሃል ጣቷን ላሰች።

«ይጥማል» አለች። የሰውየው ፊት ፈታ አለ፤ ወዲያው ሕዝቡ መሃል ገብቶ ጠፋ።

ማሩ ውስጥ፣ በላስቲክ የተጠቀለለ የመዳብ ቁልፍ ነበር፤ የ«መሸጋገሪያ» ቁልፍ። መሐንዲሱ ኪቲላ ያዮ ጫካ ዳር፣ አንድ የቡና መጋዘን ውስጥ የሠራው ማሽን ነው። ካለፈው ጊዜ ጋር ያገናኛል፤ ነገሩ ሁሉ በሌላ መንገድ ከሄደበት ዓለምም ጋር። ኪቲላ ቁልፉን ኖፓ ባሉ ንብ አርቢ ዘመዶቹ ዘንድ ደብቆት ነበር። መምጣት የነበረበት ከእነሱ አንዱ ነው፤ ንብ አርቢ ደግሞ ሳይቀምስ አይሸጥም።

ሻሽቱ የምትሰልልለት ቢሮ ትእዛዝ አጭር ነው፦ ማሽኑን አምጪ፤ ካልሆነ አጥፊው። አለቃዋ ጋሼ ደቅሲሳ ግን አንድ ቃል ጨምሮላት ነበር። «ማሽኑ ከተገኘ ወንድምሽን ታመጪዋለሽ።»

ወንድሟ ነመራም ሰላይ ነበር። ከሁለት ዓመት በፊት ጎሬ መንገድ ላይ በድንገት ታሞ ሞተ ተብሎ ተቀበረ። ሻሽቱ ይህን ሥራ የያዘችው ለቢሮው ብላ አይደለም። ለነመራ ነው።

የይለፍ ቃሉን ከእሷና ከእውነተኛው መልእክተኛ ሌላ የሚያውቀው ደቅሲሳ ብቻ ነው። ሆዷ ነገራት፤ ልቧ ግን እምቢ አለ። ለቅሶ ቤት ድንኳን ውስጥ አብሯት ያለቀሰ ሰው! ቢሆንም ከመቱ ስትነሳ በሌላ መስመር ወደ ቢሮው ደወለች።

የያዮ መንገድ ሚኒባሱን ሲያንገጫግጨው ባልዲውን እንደ ሕፃን አቅፋ ሄደች። ኪቲላ ከእሷ በቀር ለማንም በር አይከፍትም። ከፈተላት።

«እጅሽን ጫኚበት፤ ሰው የሚፈልገው በደም ዝምድና ነው» አለ፤ ቁልፉንም አዞረ።

ቀፎ የሚያህለው ሳጥን ማጉረምረም ጀመረ። ፊት ለፊቱ አየሩ ነጣ። ነጩ ውስጥ አንድ ሰው ቆሟል። ጠጉሩ ሸብቷል። ነመራ ሲሞት አንድም ሽበት አልነበረውም።

«ኦቦሌቲ ኮ! እህቴ!»

«ነመራዬ! ምን ገደለህ?»

«እኔን?» ሳቁ ፊቱ ላይ ደረቀ። «እዚያ ሞቻለሁ ማለት ነው? ደቅሲሳ ጎሬ መውጫ ላይ ማር ሰጠኝ። ሳይቀምስ። እዚህ አልበላሁትም። እዚያ ግን ... በልቻለሁ ማለት ነው።»

ሻሽቱ እጇን ወደ ነጩ ዘረጋች።

«ና! ተሻገር!»

«ሰው ለማሳለፍ ገና አልሞቀም!» ጮኸ ኪቲላ። «ጥቂት ታገሺ!»

ውጭ መኪና ቆመ፤ ከመቱ ጀምሮ ሲከተላት የመጣ።

ደቅሲሳ ሽጉጡን ደግኖ ገባ። መጀመሪያ ያየው ማሽኑን አይደለም። ፊቷን ነው።

«ደከመሽ ልጄ?»

መርዙን እየጠበቀ ነው። ጠበቀችለት። በግድግዳው ተንሸራታ ባልዲው አጠገብ ወደቀች።

«ጋሼ ... ሆዴን ...»

ሽጉጡን ወገቡ ላይ ሻጠ። «አይዞሽ፣ አይቆይም። የማሽኑ ገዥዎች ውጭ ናቸው። የፈለጉትን ሰው ሳይወለድ የሚያስቀሩበት ዕቃ ነው፤ ቢሮ ውስጥ አቧራ አይጠጣም።»

«ነመራንስ?»

«ምሥጢሬን ደረሰበት። ምን ላድርግ?»

ምን ላድርግ አለ፤ ዝናብ የመታው ይመስል። ነመራ አንድ እግሩን ከነጩ ሊያወጣ አንስቷል። ትንሽ ብትታገስ ይሻገራል። ብትታገስ ግን ማሽኑ የደቅሲሳ ነው።

ነመራ አያት። ባልዲውንም አየ። እግሩን ቀስ ብሎ መለሰ።

«አፍስሺው።»

አፈሰሰችው።

ማሩ ማሽኑ ውስጥ ተንዠቀዠቀ። ሳጥኑ ሳል እንደያዘው ተንፈራገጠ፤ ጨሰ። ነጩ ከነወንድሟ ጠፋ።

ደቅሲሳ እጁን ወደ ወገቡ ሲልክ ኪቲላ በቡና መገልበጫው እንጨት መታው። ሽጉጡን ሻሽቱ አነሳችው። ውጭ የነበሩት ጭሱን ሲያዩ መኪናቸውን አስነስተው ሄዱ።

«ሻሽቱ፣ እኔ እኮ ነኝ ያሳደግሁሽ!»

አንቱ ስትለው ኖራለች። «ቅመስ» አለችው፤ ባልዲው ሥር የቀረውን እየገፋች። «ከቀመስክ እተውሃለሁ።»

አልቀመሰም።

እስከዚያች ደቂቃ ልቧ ተሳስቼ ይሆናል ይል ነበር። ያኔ ዝም አለ።

የቢሮው ሰዎች ሲደርሱ ደቅሲሳ በቡና ጆንያ ማሰሪያ ታስሯል። ኪቲላ የተቃጠለ ሥራውን እያየ ያለቅሳል። ሻሽቱ የለችም።

በበጋው በደሌ ገበያ ላይ ሎሚ የምትባል ጨርቅ ሻጭ ታየች። አንድ ቀን ማር ነጋዴዋ ጎረቤቷ ከባልዲዋ በማንኪያ ቀምሳ ዘረጋችላት።

«ቀምሼዋለሁ፤ ቅመሺ እህቴ።»

«ማር አልበላም።»

«ምነው?»

«የሚወደው ወንድሜ ነበር» አለች፤ ጨርቋንም አጣጥፋ ወደ ቀጣዩ ደንበኛ ዞረች።