ከመቃብር ጥግ የመጣው ሰሌን

ማመን አለማመን የእናንተ ነው። እኔ ግን ሽታው እስከ ዛሬ አፍንጫዬ ውስጥ አለ።

ጥቅምት 2009፣ እንጅባራ፣ የእኔው ጓሮ። ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት። ፀሐይ ነበር።

ልጄ ምንይችል የመጀመሪያ ፊልሙን እየሠራ ነው። ባሕር ዳር ለሚደረገው ውድድር የቀረችው የለቅሶዋ ትዕይንት ብቻ ናት። ካሜራው የተውሶ ስለሆነ ማታ ይመለሳል።

እኔ መቼም ክፉ ክፉው ነው የሚታየኝ። «የውሸት ለቅሶ እውነተኛውን ይጠራል፣ ይቅርብህ» እያልኩ ስለምነው ከርሜያለሁ።

ሬሳ ሆኖ የሚተኛው ጓደኛው ደርበው ነበር። የሚጠቀለልበትን ሰሌን ሲያይ ግን ወደ ኋላ አለ።

«ምኑ ነው እንዲህ የሚሸተው?»

«አሮጌ ስለሆነ ነው።»

«ከየት አመጣኸው?»

«አዲስ ሰሌን ካሜራ ላይ ያስታውቃል። ይሄን ከመቃብሩ ጥግ ወድቆ አገኘሁት።»

የቆየ መቃብር ሲቆፈር የሚወጣውን ሰሌን ማን ይነካል? ልጄ ግን ተሸክሞ ቤቴ አመጣልኝ!

ቀረብ ብዬ አየሁት። ጥቁር ቅባት ጠጥቷል። ፀጉር ተጣብቆበታል... ከነቆዳው።

አፌን በነጠላዬ ያዝኩ።

«እትየ ደጊቱ፣ እኔስ በቁሜ አልገነዝም» አለ ደርበው። «ከቸኮለ ራሱ ይሙት!»

አልቃሽ ሊሆኑለት የመጡት ጎረቤቶች ሳቁ። ምንይችልም ሳቀና ጫማውን አውልቆ ገባበት።

«ካልሲህን እንኳ አታውልቅ፣ ይበርድሃል» አልኩት። ተረከዙን በቀይ ክር የሰፋሁለት ካልሲ ነው።

ጠቀለሉት። ሴቶቹ ደረታቸውን መቱ። ደርበው ቀረፀ።

ከዚያ ዝንቡ መጣ...

በእኛ አገር ብርድ እንዲያ ያለ ዝንብ አይቼ አላውቅም። አረንጓዴ፣ ወፍራም። በሰሌኑ ቀዳዳ ይገባል፤ አይወጣም።

«ምንይችል?» አልኩ በሹክሹክታ።

ጎንበስ አልኩ።

«ልጄ!»

«...እማ፣ አታበላሽብኝ።»

ድምፁ ውሃ የገባበት ይመስል ነበር።

ሲያልቅ እየሳቀ ሾልኮ ወጣ። እልል አልኩ። ባዶ እግሩን መሆኑን አይቻለሁ... ልብ አላልኩትም።

ሰሌኑን ራሴ ልመልሰው ብሎ ተሸክሞ ሄደ። ጎብጦ፣ እያለከለከ። ሰሌን ምን ይከብዳል?

ሲመለስ በሳሙና ደጋግሜ አጠብኩት። ሽታው አልለቀቀም። ምግብ አቀረብኩለት፤ አልቀመሰም። ዝንብ ከንፈሩ ላይ ሲያርፍ እሽ አይልም። እንዲያውም አፉን ከፈት ያደርግለታል።

የገዛ ልጄን ተጸየፍኩት።

ደርበው ካሜራውን ከመመለሱ በፊት የተቀረፀውን ሊያሳየን መጣ። ሦስታችንም መደቡ ላይ ተቀመጥን።

ምንይችል ሾልኮ ሲወጣ ይታያል። እኔም እልል ስል። ደርበው ካሜራውን ሳያጠፋው ቆይቷል።

ከኋላችን ሰሌኑ መሬት ላይ ተጋድሟል...

አልረገበም።

«እትየ...» አለ ደርበው ጆሮዬ ሥር። «ውስጡ ሰው አለ።»

ከሰሌኑ ጫፍ እግር ወጥቶ መሬቱን ይጭራል።

ተረከዙ በቀይ ክር ተሰፍቷል።

«እማ» አለኝ ከጎኔ የተቀመጠው። እጁን ትከሻዬ ላይ አሳረፈ።

ከእጅጌው ውስጥ ዝንብ ወጣ።