የአራሷ ክፍል

የወባ መድኃኒት ረጪው ሠራተኛ ጎረቤት ግቢ ሲገባ የነፈድሊያ ዕቃ በሙሉ ደጅ ወጥቶ ነበር፤ ፍራሹ፣ የዱቄት በርሜሉ፣ የእናቷ የጨርቅ ጥቅሎች። በጓሮው ክፍል የቀረው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ በሣንቃ ሣጥን ላይ የተቀመጠ የመስታወት ገንዳ። ውሃው ከጠርዙ ሦስት ጣት ጎድሏል። ሥሩ ጠጠር፣ ጥጉ ላይ የወንዝ ሣር አለው። በሣሩ መሃል ሽሪምፕ የሚባሉ አሥራ አራት ጥቃቅን የውሃ እንስሳት በቀጫጭን እግሮቻቸው ጠጠሩን ይለቅማሉ። ቁመታቸው ጥፍር ቢያክል ነው፤ ገላቸው እንደ ብርጭቆ ብርሃን ያሳልፋል። አንዷ ከሆዷ ሥር እንቁላል ታቅፋለች።

ገንዳውን ከመስኮት ቁርጥራጭ የሠራው ታላቅ ወንድሟ ጅብሪል ነው። ሽሪምፖቹንም ከአጋሮ መንገድ ዳር ካለ ጅረት በወንፊት ያመጣቸው እሱ ነው። ለብሔራዊ ውትድርና ሲሄድ ፈድሊያን ሁለት ነገር አስጠንቅቋት ነበር፤ ውሃውን በአንዴ እንዳትቀይር፣ ሳሙና በነካው እጇ እንዳትነካቸው። ዘንድሮ የቡና እጥበት ፍሳሽ ጅረቱን አጥቁሮት ነፍስ ያለው ነገር አይታይበትም። እነዚህ ካለቁ ሌላ የለም።

የሚረጨው ዲዲቲ ደግሞ ትንኝን የሚገድል ከሆነ ሽሪምፕን እንደማይምር የባዮሎጂ መምህሯ ነግረዋታል። ገንዳው እንዳለ አይነሳም፤ ከተነቃነቀ መስታወቱን ያጣበቀው ስቱኮ ይለቃል።

የክፍል ጓደኛዋ ሶረቲ መላውን ያገኘችው ወዲያው ነው። አራስ የተኛችበት ክፍል ባዕድ ወንድ አይገባም፤ ረጪዎቹም ይህን ያከብራሉ፣ በሩ ላይ በጠመኔ ምልክት አድርገው ያልፋሉ።

«ማሎ ፈድሊያ፣ አራስ አለች በያቸው። ማን ገብቶ ያያል?»

«እማዬ ብትሰማስ?»

«እናትሽ ገበያ ናት። ደግሞ አንዷ እንቁላል ይዛለች አላልሽም? ግማሽ እውነት ነው።»

ሠራተኛው፣ አቶ ወልደሰማያት፣ ፓምፑን በጀርባቸው አዝለው ገቡ። የፊቱን ክፍል ረጩና ወደ ጓሮው ዞሩ። ፈድሊያ በሩ ላይ ቆማለች። አራስ እንዳለች ስትነግራቸው ድምፅዋ ከጠበቀችው በላይ ቀና ብሎ ወጣላት። ሰውየው ወዲያው ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «እንኳን ማርያም ማረቻት» ብለው ጀመሩና ሻሿን አይተው «አልሐምዱሊላህ በይልኝ» ሲሉ አስተካከሉት። ጠመኔያቸውን አወጡ።

ደጅ ፍራሽ ላይ፣ ፀሐይ ላይ ሆኖ ጋቢ ተከናንቦ የሚንቀጠቀጠው ትንሹ ወንድሟ ጠሃ ቀና አለ። «እማዬ ወለደች እንዴ?»

«ትኩሳቱ ነው የሚያስለፈልፈው» አለች ሶረቲ ፈጠን ብላ።

አቶ ወልደሰማያት ልጁን አዩት። ዓይኑ ቢጫ ሆኗል። የወባ ክኒን እየወሰደ እንደሆነ ጠየቁ፤ ፈድሊያ አዎ አለች።

«ክኒኑ ያለበትን ነው የሚያድነው። ግድግዳው ካልተረጨ ትንኟ መልሳ ትነክሰዋለች። እኛ የምንመለሰው ከስድስት ወር በኋላ ነው። የት ነው የሚተኛው?»

ፈድሊያ ወደ ጓሮው ክፍል በር አየች። ጠሃ የሚተኛው በዚያው ክፍል፣ ከገንዳው ትይዩ ነው። ጠዋት ፍራሹን ስታወጣ ከራስጌው በላይ ግድግዳው ላይ አምስት ትንኞች አይታ ነበር። ሦስቱ ሆዳቸው በደም ቀልቷል።

ሰውየው ምልክቱን አድርገው ወደ ውጭው በር ሄዱ። ሶረቲ ክርኗን ቆነጠጠቻት፤ ተሳካ ማለቷ ነው።

«ጋሼ» አለች ፈድሊያ። «አራስ የለም።»

ዘወር አሉ። በሩን ከፈተችላቸው። ገንዳውን ጎንበስ ብለው ለረጅም ጊዜ ተመለከቱት፤ ቁጣ ስትጠብቅ አንድ ጥያቄ ብቻ ጠየቋት።

«እነዚህን ነው አራስ ያልሽኝ?»

«የወንድሜ ናቸው። ዘማች ነው።»

ሰውየው ፓምፑን ትከሻቸው ላይ አመቻቹ። ጭጋጉ ውሃው ላይ ካረፈ እንደማይተርፉ ነገሯት። «የማዶውን ቤት ረጭቼ እመለሳለሁ። እስከዚያ የቻልሽውን ያህል ታወጫለሽ።»

ሶረቲ አኩርፋም ቢሆን ሳፋ ይዛ ሮጣ መጣች። ፈድሊያ አሸተተችው፤ ኦሞ ይሸታል። መለሰችውና የመጠጥ ውሃ ባልዲውን ከገንዳው ውሃ ሞላችው። የሻይ ማጥለያውን በዚያው ውሃ ደጋግማ አለቀለቀች። የመጀመሪያዎቹ በቀላሉ ተያዙ። የቀሩት ወደ ሣሩ ሸሹ። እጇን ስታስገባ ደለሉ ተነሳ፤ ምንም አይታይም። ከማዶ የፓምፑ ድምፅ ይሰማል፣ ከዚያ ቆመ። እንቁላል የያዘችውን በመዳፏ አፍሳ አወጣች። አሥራ ሁለት። ሁለቱ የሉም።

«ተይ በቃ፣ መጥተዋል» አለች ሶረቲ።

ፈድሊያ ጠጠሩን አንዴ ገላለጠች፣ የሉም። ገንዳውን በላስቲክ ሸፈነችው። ባልዲውን ሶረቲ አቮካዶው ሥር፣ ነፋሱ ወደማይመጣበት ወሰደችው።

አቶ ወልደሰማያት የበሩ ደፍ ላይ ቆመው ፊቷን አዩ። «ጨረስሽ?»

ወደ ገንዳው አላየችም። የጠሃን ራስጌ ግድግዳ በጣቷ አሳየቻቸው።

«ከዚህ ይጀምሩ» አለች።

በማግስቱ ጠዋት ከግድግዳው ሥር ሰባት የሞቱ ትንኞች ጠረገች። ገንዳው ውስጥ የቀሩት ሁለቱ በጎናቸው ተኝተዋል። ባልዲው ውስጥ ከገቡት ከአሥራ ሁለቱ ዘጠኙ ይንቀሳቀሱ ነበር።