የተቆረጠችው ዘጠኝ ሰከንድ

ኤዲተሯ ሥራዋን የምታከብር ሴት ናት። በደል የሚያጋልጡ ፊልሞችን ስትቆርጥና ስትቀጥል አሥራ ሁለት ዓመቷ ነው። ያን ሰሞን የያዘችው ጧሪ ስላጡ እናቶች የሚናገር ነበር። በፊልሙ አንዲት ዓይነ ስውር አሮጊት ለጠያቂዋ፣ "ማን አለኝ ብለሽ ነው፣ ልጄ" ብለው አለቀሱ። ወዲያው ደግሞ እንባቸውን ጠርገው፣ "በያጁ ልጄ ብቻ ቅዳሜ ቅዳሜ እየመጣ ፀጉሬን ያጥብልኛል" አሉ።

"ይቺን የመጨረሻዋን ቃል ምን ላድርጋት?" አለች ኤዲተሯ።

"አውጫት" አለ ዳይሬክተሩ። "ያስለቀስነውን ሰው መልሰን ልናጽናናው ነው እንዴ?"

ዘጠኝ ሰከንድ ብትቀር ማን ይሞታል ብላ ቆረጠቻት።

ፊልሙ በቴሌቪዥን ታየ፤ ያየው ሁሉ አለቀሰ። በወሩ አሮጊቷ ጎረቤታቸው እየመራቻቸው ኤዲተሯ ክፍል ድረስ መጡ።

"የቆረጥሽው አንቺ ነሽ?"

"እኔ ነኝ፣ እማማ።"

"ልጄ ባልዋለበት 'እናቱን የጣለ' የሚል ስም ወጣለት። ደጄ ላይ ተፉበት፤ መምጣቱን ተወ። አራት ቅዳሜ ፀጉሬን የነካልኝ የለም። የሌለኝን ልትናገሪ ያለኝን ወሰድሽብኝ።"

"ለሌሎች እናቶች ብለን ነው፣ እማማ።"

"እኔስ የማን እናት ነኝ?"

ኤዲተሯ ያቺን ዘጠኝ ሰከንድ ፈልጋ ፊልሙ ውስጥ መለሰቻት፤ የቴሌቪዥን ጣቢያው ግን "አንዴ ታይቷል" ብሎ ሸኛት። በስልኳ ይዛ ሰፈራቸው ሄደች፤ ቧንቧ ላይ ለተሰለፉት ሴቶች አሳየች።

"አሁን ደግሞ ምን አስብለዋቸው ነው?" አለች አንዷ።

"ፊልም አይደል? የፈለጉትን ይቀጥሉበታል" አለች ሌላዋ።

ወደ ብየዳ ቤቱ ሄደች። ልጁ መከለያውን ከፊቱ አንስቶ እስከ መጨረሻው አየና ስልኩን መለሰላት።

"እናቴ እንዳልዋሸች አውቃለሁ" አላት። "ግን በዚያ በር በየትኛው ፊቴ ልግባ?" መከለያውን መልሶ አወረደ።

ከዚያ ወዲህ ኤዲተሯ ባለታሪኩ ቁጭ ብሎ ሳያይ፣ ማየት ካልቻለም ሳይሰማ፣ አንድም ፊልም ከእጇ አይወጣም። ዳይሬክተሩ "ግትሯ" ይላታል፤ ይበላት። የፈሰሰው ግን አልታፈሰም።

እኛስ ብንሆን? የሰው ቃል ስናወራ የሚያስለቅሰውን ይዘን የሚያጽናናውን የምንጥል ስንቶቻችን ነን? ግማሽ እውነት ሙሉ ሰው ያጠፋል። አሮጊቷ ዛሬም ቅዳሜ በመጣ ቁጥር ውሃ አሙቀው በሩን ያዳምጣሉ።